ለአንድ እስትንፋስ መቶ ወፍ

በቱዋኪ መንደር ስለ ቦንግዮ የሚነገረው ሁለት ነገር ነው። አንዱ ወፎቹን ያዳነች ሴት ናት ይላል። ሌላው ባሏን የገደለች ሴት ናት ይላል። ሁለቱን የሚሉት የተለያዩ ሰዎች ቢሆኑ ነገሩ ቀላል ነበር። ግን ያው አንድ ሰው ጠዋት አንዱን ሲናገር ቆይቶ ከሰዓት በኋላ ሌላውን ይናገራል፤ በሁለቱም ጊዜ ደግሞ እርግጠኛ ነው።

ስሟ «እንዲያው ትደግ» እንደ ማለት ነው። እሷ በተወለደችበት ዘመን ወንድ ልጅ ሲጠብቅ አራተኛ ሴት የመጣበት ቤት ሁሉ እንዲህ ያለ ስም ያወጣ ነበር። ቦንግዮ የስሟን ትርጉም በአምስት ዓመቷ አወቀችው፤ ከዚያ ወዲያ ሰው የሚሰጣትን ነገር ሁሉ ገልብጣ የምታይ ሆነች። ዓሣ ስትገዛ ጉንጩን ገልጣ ቅላቱን ታያለች። ሩዝ ስትገዛ እጇን ከጆንያው ሥር ድረስ ትሰዳለች። በሠርጓ ዕለት አማቷ በክንዷ ያጠለቁላትን የወርቅ አምባር እንግዶቹ ፊት ነክሳ አየችው። ወርቁ እውነተኛ ነበር። አማቷ ግን እስኪሞቱ ድረስ አልረሱላትም።

ባሏ ኪምሱዊ የባሕር ሰው ነበር። በታይዋን ደቡብ ምዕራብ ጠረፍ ጥልቀት በሌለው ውሃ ላይ የቀርከሃ ርብራብ ዘርግተው ዛጎል ከሚያረቡት አንዱ ነው። መረብ በመጠገን ደግሞ የሚስተካከለው አልነበረም። ቦንግዮ ከቤተ መቅደሱ ፊት ለፊት በዓሣ የተሠራ የሩዝ አጥሚት ትሸጥ ነበር። አንድ ልጅ ወልደው አሳደጉ፤ እሱም ከተማ ገብቶ ቀረ።

ኪምሱዊ በሃምሳ አራት ዓመቱ፣ ብርዱ በጠናበት ወር፣ ርብራቡ ላይ እንደ ቆመ ወደቀ። ጓደኞቹ በጀልባ አመጡት። ቀኝ ጎኑ አይንቀሳቀስም፤ ዓይኑም አይገለጥም። የሆስፒታሉ ሐኪም «መጠበቅ ነው» አለ። ቦንግዮ መጠበቅ ስላልቻለች ወደ ምሕረት እናት ወደ ኳንኢም ቤተ መቅደስ ሮጠች።

እዚያ ጣዖቷ ፊት ተንበረከከች። ሁለቱን የጨረቃ ቅርጽ ያላቸውን የመጠየቂያ እንጨቶች በሁለት እጇ ያዘች። «ባሌ ከዳነልኝ» አለች፤ «እስትንፋሱ እስካለ ድረስ፣ በየወሩ፣ መቶ ወፍ ነጻ አወጣለሁ።» እንጨቶቹን ጣለቻቸው። አንዱ በሆዱ፣ ሌላው በጀርባው ወደቀ፤ እሺታ ነው። ሦስት ጊዜ ጣለች፤ ሦስት ጊዜ እሺ ተባለች። በአራተኛው ቀን ኪምሱዊ ዓይኑን ገለጠ። አጥሚት ጠየቀ። ቀምሶም «ጨው የለውም» አለ። ቦንግዮ የሆስፒታሉ ኮሪደር ላይ ተቀምጣ አለቀሰች።

ከዚያ ቀን ጀምሮ፣ ጨረቃ በሞላች ቁጥር ቤንቴክ የሚባለው ወፍ ሻጭ በሦስት ጎማ ጭነት መኪናው መቶ ወፍ ያመጣላት ነበር። በየቀርከሃ ቅርጫቱ ላይ ቀይ ወረቀት ይለጠፋል፤ «ለኪምሱዊ ዕድሜ» ይላል። ሴቶቹ ረጅሙን ዝማሬ ይዘምራሉ፣ የባለ ስእለቶቹ ስም ይነበባል፣ ከዚያ የቅርጫቶቹ በር ይከፈታል። ወፎቹ በጣራው ላይ አልፈው ከቤተ መቅደሱ ኋላ ወዳለው የሸውሸዌ ዛፍ ጫካ ይበራሉ። ቦንግዮ ሁልጊዜ አንዷን ወፍ በመዳፏ ይዛ በራሷ እጅ ትለቃት ነበር። የወፏን ልብ ምት በጣቶቿ ስትሰማ የባሏን ልብ የያዘች ይመስላት ነበር። ስድስት ዓመት እንዲህ አለፈ።

በሰባተኛው ዓመት፣ በመዳፏ የያዘቻት ድንቢጥ ከግራ እግሯ ሁለት ጣት የጎደላት ነበረች። ቦንግዮ አዝና ለቀቀቻት። በሚቀጥለው ወር ከቅርጫቱ ያወጣቻት ወፍ ከግራ እግሯ ሁለት ጣት ይጎድላታል።

ዝማሬው አልቆ ሰው ሲበታተን ወደ ቤንቴክ ሄደች።

«ቤንቴክ፣ እነዚህን ወፎች ከየት ነው የምታመጣቸው?»

«ከተራራው ሥር፣ ከሩዝ ማሳ ነው አሶ» አለ ቤንቴክ። «አሶ» የታላቅ ወንድም ሚስት መጠሪያ ነው፤ እሷ ባትሆንም መንደሩ ሁሉ እንዲያ ነው የሚጠራት። «ገበሬዎቹ እህላችንን ጨረሱ ብለው ሊገድሏቸው ሲሉ እኔ ነኝ የማስጥላቸው።»

«ሁልጊዜ ከተራራው ሥር?»

«ምነው አሶ፣ ጉንጫቸውን ገልጠሽ ልታዪ ነው እንዴ? ወፍ እኮ ዓሣ አይደለም!»

በአጠገቡ የነበሩት ሴቶች ሳቁ። ከሁሉ ጎልቶ የተሰማው የጎረቤቷ የጊዮክላን ሳቅ ነበር። ጊዮክላን የዝማሬው መሪ ናት፤ ድምጿ ከደወሉ ይልቃል። «ሰባት ዓመት ሙሉ ባልሽን ያቆሙልሽን ወፎች መታወቂያ ልትጠይቂያቸው ነው?» አለቻት።

ቦንግዮም አብራ ሳቀች። ቤቷ ስትገባ ግን ምራቷ ለበዓል መጥታ ትታ የሄደችውን የጥፍር ቀለም ብልቃጥ ከመሳቢያ አውጥታ ያዘች። በቀጣዩ ወር ቤንቴክን «ወፎቹን ከዋዜማው አምጣልኝ፤ በገዛ እጄ ላበላቸው ተስያለሁ» አለችው። ኪምሱዊ ቀኝ ጎኑ ስላልተመለሰለት፣ ጠዋት ጠዋት ባለ ሦስት ጎማ የአካል ጉዳተኛ ሞተሩን በግራ እጁ እየነዳ ለዓሣ በረዶ ወደሚሠራበት ቤት ጥላ ይሄድ ነበር፤ ሽማግሌዎቹ ዳማ ሲጫወቱ ለማየት ነው። እሱ በሌለበት ሰዓት ጓሮ ተቀምጣ የሠላሳ ወፎችን ጥፍር ቀይ ቀባች። ወፎቹ እጇን ነካከሷት። በማግስቱ ዘምራ ለቀቀቻቸው።

ወሩ ሞልቶ ሌሎች መቶ መጡ። ከመቶው የአሥራ አንዱ ጥፍር ቀይ ነበር። ከቅርጫቱ ሥር የተጎዘጎዘውን ጭድ ገለጥ ብታደርግ ስድስት የሞቱ አገኘች። ከስድስቱም አንዷ ጥፍሯ ቀይ ነበር።

ከዚህ በኋላ ለቦንግዮ ክፉ ወራት መጡ። ሌባው ቤንቴክ እንደ ሆነ አልተጠራጠረችም፤ ግን ብቻውን አይመስላትም ነበር። አጥሚት እየቀዳች ሰውን ሁሉ በጎን ታያለች። የቤተ መቅደሱ ሸንጎ አለቃ ሽማግሌው ሊያው በቅርጫቶቹ አጠገብ ሲያልፍ ለምን አንገቱን ያዞራል? የሸውሸዌው ጫካ ያለበት መሬት የጊዮክላን ወንድም አይደለም እንዴ? ወንድሟ ይህን ሳያውቅ ይቀራል? እሷስ «መታወቂያ» ብላ ስትሳለቅ የት ቦታ እንደ ነካች ታውቅ ነበር? አንድ ሰው «አሶ፣ ዛሬ አጥሚቱ ቀጥኗል» ቢላት እንኳ ከንግግሩ በስተጀርባ ምን እንዳለ ስታስብ ትውላለች። መንደሩ በበኩሉ እሷን መጠርጠር ጀመረ። ወንዝ ማዶ ያለው ቤተ መቅደስ ገዝቷታል ተባለ። የለም፣ ክርስቲያን ሆናለች ተባለ። ጊዮክላን በግንቡ ላይ አንገቷን አስግጋ የቦንግዮ ቤት ውስጥ የዕጣን ማስቀመጫው በቦታው መኖሩን አየች።

ወፎቹ በተለቀቁ ማግስት ቦንግዮ ማልዳ፣ ገና ሳይሞቅ፣ የዓሣ መቀሷን በቦርሳዋ ይዛ ወደ ሸውሸዌው ገባች። ጫካው መሐል፣ በቀርከሃ ምሰሶዎች መካከል፣ እንደ ፀጉር የቀጠነ መረብ ተዘርግቶ አገኘች። አጠገቡ ካልደረሱ ለዓይን አይታይም። ሃያ የሚሆኑ ወፎች ተንጠልጥለዋል። አንዳንዶቹ ይንቀጠቀጣሉ፤ አንዳንዶቹ ተዉት። አንዷን ልታላቅቅ ክሩን በመቀስ ያዘችና እጇ ቆመ።

መረቡ የተጠገነ ነበር። ቀዳዳው በተደፈነበት ቦታ ሁሉ ቋጠሮው ወደ ግራ የተኛ ነው፤ በሁለት እጅ የሚሠራ ሰው እንዲያ አይቋጥርም። ጫፉ ደግሞ በመቀስ አልተቆረጠም፤ በጥርስ ተስቦ በጥርስ ተበጥሷል። በዚያ ጠረፍ ላይ በአንድ ግራ እጅና በጥርሱ መረብ የሚጠግን ሰው አንድ ብቻ ነበር።

ቦንግዮ ወፎቹን አንድ በአንድ አላቀቀች። መረቡን ግን አልቆረጠችም። ለምን እንዳልቆረጠችው በኋላ ራሷም መናገር አልቻለችም።

ኪምሱዊ ከበረዶ ቤቱ ሲመለስ በር ላይ ቆማ ጠበቀችው።

«አንተ ሽማግሌ፣ ዳማው እንዴት ነበር?»

«እንደ ሁልጊዜው ነው። ሽማግሌው ዝሆንሃው ተሸነፈ» አለ ኪምሱዊ። ስትሮኩ ከመታው ጀምሮ ቃላቱ በአንድ ጉንጩ በኩል ብቻ ነበር የሚወጡት።

«የማን መረብ ነው የምትጠግነው?»

ባለ ሦስት ጎማውን አጠፋ። «ማን ነገረሽ?»

«ቋጠሮህ ነገረኝ። የእጅህን ሥራ ሠላሳ ስድስት ዓመት አይቻለሁ።»

ኪምሱዊ መሬት መሬት አየ። ከዚያ ድንገት ተቆጣ። «ቤንቴክ መጣና ምን አለኝ መሰለሽ? ከእንግዲህ መቶ ወፍ አይገኝም አለኝ። ከተራራው የሚመጣው መንገድ ላይ ያልቃል፣ እዚህ ያለውን እንዳልይዝ መረቤ ተቀዳዷል፣ ጠጋኝ የለኝም አለኝ። መቶ ካልሞላ ምን እንደሚሆን አንቺ ታውቂያለሽ አሮጊት! እስትንፋሱ እስካለ ብለሽ አፍሽን የከፈትሽው አንቺ ነሽ። እኔ መቼ ተሳልኩ?»

«እነዚያው ወፎች ናቸው እኮ! ያንኑ ወፍ ስንት ጊዜ ነው የምንፈታው?»

«የምሕረት እናት የምትቆጥረው ቁጥር ነው። የወፍ ፊት አትለይም።»

«ፊት የማትለይ ከሆነ አንተን በምን ለየችህ?»

የኪምሱዊ ድምፅ ሌላ ሆነ። «አሮጊት» አለ፤ «እኔ መሞት አልፈልግም።»

ቦንግዮ ወደ ውስጥ ገብታ አጥሚት አቀረበችለት። በዚያ ወርም በሚቀጥለውም መቶ ወፍ አስመጣች። ቅርጫቱ ሲከፈት ዓይኗን ትጨፍን ነበር። ወፍ በመዳፏ መያዙን ግን ተወች።

በሦስተኛው ወር፣ ሰው በሌለበት ሰዓት ቤተ መቅደስ ገብታ ተንበረከከች። ስእለት ያለ ፈቃድ አይፈርስምና እንጨቶቹን አንስታ ጠየቀች። «የምሕረት እናት ሆይ፣ ወፎቹን ልተዋቸው?» ሁለቱም እንጨቶች በጀርባቸው ተንጋለሉ። ይህ የጣዖቷ ሳቅ ነው፤ ጥያቄሽ አልገባኝም ማለት ነው። እንደገና ጠየቀች። ጣዖቷ እንደገና ሳቀች። በሦስተኛው ሁለቱም በሆዳቸው ተደፉ። እንቢታ ነው።

ቦንግዮ እንጨቶቹን አንስታ በሁለት መዳፏ መዘነቻቸው። አንዱ ተልጦ ቀልሎ ይሆን ብላ መረመረች። ጠርዛቸውን በጣቷ ዳሰሰች። ከዚያ የምታደርገው ገባትና ፊቷ ጋለ፤ የጠረጠረችው ሸንጎውን አልነበረም፣ ቤንቴክንም አልነበረም፤ የምሕረት እናትን ራሷን ነበር። እንጨቶቹን በቀስታ በቦታቸው አስቀመጠች። «እሺ፣ ሰምቻለሁ» ብላ ወጣች።

የኳንኢም በዓል በስድስተኛው ወር፣ ሙቀቱ ድንጋይ በሚያበስልበት ጊዜ ይውላል። በዚያ ዓመት ከየመንደሩ ሰው መጥቶ ግቢው ሞላ። ሦስት ሺህ ወፍ በቅርጫት ተደርድሮ ፀሐይ ላይ ቆመ። ጊዮክላን ዝማሬውን ጀመረች፤ ዝማሬው በበዓሉ ቀን ሁለት ሰዓት ተኩል ይፈጃል። ኪምሱዊ ባለ ሦስት ጎማው ላይ እንደ ተቀመጠ ከበሩ ጥላ ሥር ቆሞ ነበር።

ቦንግዮ የባሏ ስም ከተለጠፈበት ቅርጫት አጠገብ ተቀምጣለች። አንድ ሰዓት ሲያልፍ ወፎቹ ጩኸታቸውን አቆሙ። አፋቸውን ከፍተው ክንፋቸውን ዘርግተው ይተነፍሳሉ። ከዚያ ከላይ ያሉት ከታች ባሉት ላይ መውደቅ ጀመሩ። ቀዩ ወረቀት ላይ «ለኪምሱዊ ዕድሜ» የሚለው ጽሑፍ ገና አልደበዘዘም ነበር።

ተነሥታ ቆመች። «ዝማሬው ይቁም» አለች።

ጊዮክላን አልቆመችም። ቦንግዮ ዝማሬው የሚመራበትን የእንጨት ደወል መምቻ ከእጇ ወሰደችባት። ያን ጊዜ ዝማሬው ተቋረጠ።

«አሶ፣ ተቀመጪ እንጂ» አለ ሊያው በዝግታ። «ሰው እያየ ነው።»

«እንዲያይ ነው የቆምኩት፣ ሽማግሌ ሊያው። እነዚህ ወፎች ነገ ጠዋት ከዚህ ኋላ ካለው ጫካ ተመልሰው ይያዛሉ። በየወሩ ይያዛሉ። ጥፍራቸውን ቀብቼ አውቄያለሁ። መረቡንም በዓይኔ አይቻለሁ። እኛ ነጻ እያወጣን አይደለም፤ እየተከራየናቸው ነው።»

ሰው ማጉረምረም ጀመረ። ቤንቴክ ከመኪናው ላይ ዘሎ ወረደ። ላቡ በግንባሩ ይወርዳል። «መረብ አየሁ ትላለች!» ብሎ ጮኸ። «መረቡን ማን እንደሚጠግን ግን ለምን አትነግራችሁም? ጠይቋታ! ጠጋኙን ጠይቋት!»

ግቢው ሙሉ ሰው ወደ እሷ ዞረ። ቦንግዮ ወደ በሩ ተመለከተች። ኪምሱዊም ይመለከታት ነበር።

«ባሌ ነው» አለች። «ኪምሱዊ ነው የሚጠግነው። መሞት ፈርቶ ነው። እዚህ ካላችሁት መሞትን የማይፈራ ካለ እሱ ይሳቅበት።»

ማንም አልሳቀም። ቀዩን ወረቀት ከቅርጫቱ ላይ ላጠችው። በሩንም ከፈተችው። መብረር የቻሉት በረሩ፤ ያልቻሉት ወጥተው ድንጋዩ ላይ ተቀመጡ። «ከዛሬ ጀምሮ ከኔ ቤት ወፍ የሚገዛ የለም» አለች።

«ኪምሱዊን ገደልሽው!» አለች ጊዮክላን። «ሁላችንም ሰምተናል፤ በገዛ አፍሽ ገደልሽው!»

ባለ ሦስት ጎማው ተነሣና ከግቢው ወጣ።

ከዚያ ቀን በኋላ መንደሩ ኪምሱዊ እስኪሞት መጠበቅ ጀመረ። የሚጠብቀው በክፋት አልነበረም፤ የአየሩን ሁኔታ እንደሚጠባበቅ ሰው ነው። ኪምሱዊ ሲያስል የጊዮክላን ራስ በግንቡ ላይ ብቅ ይላል።

«ደህና ነው?»

«ደህና ነው።»

«እንዴት አወቅሽ?»

ኪምሱዊ ራሱ ከሁሉ ይበልጥ ተጠራጣሪ ሆነ። አጥሚቱን ሳይቀምስ ያሸተዋል። ቦንግዮ መድኃኒቱን ስትሰጠው ፍሬውን በጣቶቹ መካከል እያገላበጠ ያየዋል። አንድ ቀን «ከቀድሞው ያነሰ ነው» አላት። «ያው ነው» አለችው። «አንቺ እንደዚያ ነው የምትዪው» አለ። ከልጅነቷ ጀምሮ የሰውን ስጦታ ስትገለባብጥ የኖረች ሴት አሁን የምትሰጠው ሁሉ ይገለበጥባት ጀመር። እሷም ታገሠች። ተሸፍና ብቻ አለቀሰች፤ በጭስ አሳብባ።

ከሁለት ሳምንት በኋላ ሁለት ሴቶች ማልደው ወደ ሸውሸዌው ሲገቡ ታዩ። ከዚያ አምስት ሆኑ። አንድ ጠዋት ጊዮክላን ራሷ እጅጌዋ በቁጥቋጦ ተቀዶ ስትወጣ ቦንግዮ አገኘቻት። ጊዮክላን «ዶሮ ጠፍታብኝ ነው» አለች። ቦንግዮ «ተገኘች?» ብላ ጠየቀቻት። ጊዮክላን የተቀደደ እጅጌዋን ሰበሰበች። «ተገኘች» አለች፤ «ተንጠልጥላ።» ሸንጎው ተሰብስቦ ነገሩ እስኪጣራ ድረስ ወፍ መልቀቅ እንዲቆም ወሰነ። ሊያው እያለ ማጣራቱ አላለቀም፤ ሊያው ከሞተም በኋላ አላለቀም። ወፍ ግን ከዚያ ግቢ አልተለቀቀም።

ኪምሱዊ በዚያ ወር አልሞተም፤ በሚቀጥለውም አልሞተም። አሥራ አራት ወር ኖረ። በመጨረሻው ወር ሳንባው ታመመና ሆስፒታል ገባ። ልጃቸው ሔንኩን ከከተማ መጣ። አባቱን አይቶ ወደ ኮሪደሩ ወጣና እናቱን በክንዷ ያዛት።

«እማዬ፣ በቃሽ። ግትርነትሽን አሳየሽ፣ ሰው ሁሉ አየልሽ። ዛሬውኑ ሁለት መቶ ወፍ እገዛለሁ።»

ቦንግዮ ወደ ክፍሉ ዞረች። ከመስኮቱ በስተጀርባ ባሏ በአፉ ላይ ጭንብል ተደርጎለት ሲተነፍስ ይታያል። በየትንፋሹ መካከል ያለው ጊዜ ይረዝማል። «እስትንፋሱ የሱ ነው» አለች። «ሄደህ እሱን ጠይቀው።»

ገብተው ሔንኩን በጆሮው ነገረው። ቦንግዮ ከእግሩ በኩል ቆመች። ግቢ ሙሉ ሰው ፊት የተናገረችው ሁሉ በዚያች ደቂቃ ከልቧ ጠፋ። እሺ በል፣ ትል ነበር በውስጧ። እሺ በል፣ ራሴ ሮጬ አመጣቸዋለሁ።

ኪምሱዊ ጭንብሉን በግራ እጁ ገለል አደረገ። ልጁን አየ። ከዚያ እሷን አያት፤ አጥሚቷን ሲያሸት በሚያይበት በዚያው ዓይን፣ ረጅም ጊዜ።

«ከየት ሊያመጣቸው ነው?» አለ።

«ከየትም ይምጡ፣ አባዬ» አለ ሔንኩን። «ቤንቴክ አለኝ ብሏል።»

«መረቡን ማን ጠገነለት?»

ሔንኩን ወደ እናቱ ዞረ። «ይቃዣል» አለ በሹክሹክታ።

«አልቃዥም» አለ ኪምሱዊ። ትንፋሹን ሰበሰበ። «ቤንቴክን ተዋቸው በለው።» ጭንብሉንም መልሶ አደረገው፤ ለሚስቱ ምንም አልተናገረም። በሦስተኛው ቀን ረፋዱ ላይ ሞተ።

ቦንግዮ የሆስፒታሉን ነገር ለማንም አልተናገረችም። ብትናገር ግማሹ አፍ በተዘጋ ነበር። ቃሉ የሱ ነው፣ እኔ እንድኮራበት አይደለም የተናገረው፣ ብላ አሰበች። ደግሞም ምን ማለቱ እንደ ነበረ እርግጠኛ አልነበረችም። ይቅር ብሏት ይሆን? ወይስ ቤንቴክን ስላላመነው ብቻ ነው? ብዙ ዓመት ስታገላብጠው ኖረች።

ከኀዘኑ አርባ ዘጠነኛ ቀን በኋላ ቦርሳዋን ይዛ አውቶቡስ ተሳፈረች፤ ከዚያ በኋላ ሃያ ዓመት አልወረደችም ማለት ይቻላል። በጠረፉ ላይ ያሉትን ቤተ መቅደሶች በየተራ ዞረች። በመጀመሪያው ኢንሹራንስ ሻጭ መስላቸው ከበር መለሷት። በሁለተኛው ውሻ ለቀቁባት። ሰባት ቤተ መቅደሶች ወፍ መልቀቅ ተዉ። ስምንተኛው በወፍ ፋንታ ዓሣ ቀየርን ብሎ ላከባት። ጠርጥራ ብትሄድ የወንዝ ዓሦችን እያመጡ ከባሕር ሲደፉ አገኘቻቸው፤ ዓሦቹ ሆዳቸውን ወደ ላይ አድርገው ይንሳፈፉ ነበር። አንድ ሌላ ደግሞ ትቶ ከሁለት ዓመት በኋላ ተመለሰበት። ከከተማ የመጡ ወጣቶች ማኅበር አቋቁመው ፎቶዋን በወረቀት ሊበትኑ ፈለጉ፤ ወረቀቱን ሦስት ጊዜ አስነብባ አንድ የተጋነነ ቁጥር አገኘችበትና እስኪያርሙት ድረስ ከለከለቻቸው።

አጥሚት መሸጧን አልተወችም። አንዱ ጎረምሳ አንድ ቀን «አሶ፣ ለወፍ ታለቅሻለሽ፣ ዓሣውን ግን ትቀቅዪዋለሽ» አላት።

«እቀቅለዋለሁ» አለችው። «ነጻ አወጣሁህ ብዬ ግን አልዋሸውም።»

ስትሞት ሰባ ዘጠኝ ዓመቷ ነበር። በመጨረሻው ዓመቷ ወደ ሰሜን አራት ሰዓት ተጉዛ አንድ ትልቅ ቤተ መቅደስ ደረሰች። የሸንጎው ሰዎች አክብረው ሻይ አቀረቡላት፤ ስሟን ሰምተዋል። ከመካከላቸው ወፍራሙ ሰውዬ ሁሉም የሚጠይቃትን ጠየቃት።

«እማማ፣ ስእለትሽን አፈረስሽ ይባላል። ባለቤትሽስ?»

«ሞተ» አለች ቦንግዮ።

ሰውዬው ወደ ጓደኞቹ ዞሮ ራሱን ነቀነቀ። «አየሽ እንግዲህ።»

«አየሁ» አለች። ሻዩን አሽትታ አስቀመጠችውና ተነሣች። «አሁን ቅርጫቶቹን የምታኖሩበትን አሳዩኝ።»